እትዬ ሊፈቱ ነው

ጥቅምት 8

ቁልፌ፣

ይህች ወረቀት እጅሽ ስትገባ ጤናሽ ሙሉ፣ ሥራሽ ቀላል፣ ፊትሽ ሳቂታ ሆኖ ታግኝሽ። እኛ ደህና ነን። የሾፌሩ ባሌ ጉልበት ደረጃ ሲያይ ያመዋል፣ ሶፋ ሲያይ ይድናል። ጡረታ ከወጣ ወዲህ አውቶብሱን ትቶ የሚነዳው ሶፋውን ነው። የኔ ዓይን ክር ለማስገባት መነጽር ይፈልጋል እንጂ ሰው ልብስ ላይ ያለውን ጠማማ ስፌት ለማየት አሁንም ማንንም አያስቸግርም።

አሁን ቁጭ በይ። ታስሬያለሁ።

አትደንግጪ፣ ቴሌቪዥን ውስጥ ነው። ስለ ሴቶች እስር ቤት ተከታታይ ድራማ ልንሠራ ነው የሚሉ ሰዎች ሱቄ ድረስ መጥተው የእስረኛ ልብስ አዘዙኝ። ሁሉም ግራጫ፣ ሁሉም አንድ ዓይነት፣ ሁሉም ኪስ የሌለው። ሴት ልጅ መሀረቧን የት ታድርገው ብዬ ተከራከርኩ፤ ማን ሰምቶኝ። ልብሱን ተሸክሜ መቅረጫ ቦታቸው ሄድኩ። ድሮ የሳሙና መጋዘን ነበር፤ ፀሐይ ሲመታው ዛሬም ሳሙና ሳሙና ይሸታል። ውስጡን በኮምፖንሳቶ ከፋፍለው እስር ቤት አድርገውታል። የብረት ፍርግርጉ ደግሞ ብረት እንዳይመስልሽ፣ ጥቁር ቀለም የተቀባ የፕላስቲክ የውኃ ቧንቧ ነው። ደገፍ ልበለው ብዬ ሁለቱ ተነቅለው እጄ ላይ ቀሩ።

የዋናዋ ተዋናይት እጅጌ ረዝሞባት ኖሮ እዚያው የእስረኛ አልጋ ላይ ቁጭ ብዬ ሳሳጥርላት፣ ክሩንም በጥርሴ ስበጥስ፣ ለካ ካሜራው እየቀዳ ነው። ዳይሬክተሩ ሲያስብ ጺሙን የሚቆነጥር ልጅ ነው። ቆነጠረ፣ ቆነጠረና እኚህ እናት ከዚህ አልጋ እንዳይነሱ አለ። እስከ ስንት ሰዓት ነው የምቀመጠው ብለው እስኪፈቱ ድረስ አለኝ።

ስሜ "እማማ ዝምታ" ተብሏል። ምን አጥፍታ እንደገባች የሚያውቅ የለም። የታችኛው አልጋ ላይ ተቀምጣ ትሰፋለች፣ ታጥፋለች፣ ሰው ታያለች፤ ቃል ግን አይወጣትም። እኔን ነው እንግዲህ እንዲህ ያሉት። ሾፌሩ ይህን ሲሰማ ከሶፋው ሊወድቅ ምንም አልቀረው። ዕድሜ ልኬን ያቃተኝን እነሱ በአንድ ቀን ቻሉት ብሎ ጎረቤት ሁሉ ጠርቶ ነገረ።

ግን ደስ ብሎኛል፣ ልደብቅሽ አልችልም። እስከ ዛሬ ለሰው ድግስ፣ ለሰው ጉዞ፣ ለሰው ሥራ ልብስ ሰፍቼ በር ላይ እሸኝ ነበር። አሁን የሰፋሁትን ለብሼ የሄድኩት እኔ ነኝ፤ የሄድኩት እስር ቤት ቢሆንም።

ለስፌት መኪናዬ ወፍራሙን መርፌ ካገኘሽ ላኪልኝ። ደውዪ እንዳትይኝ፤ ስልክ ላይ ሾፌሩ ከጎኔ ሆኖ ስለሚመልስልኝ ወሬው አይጥመኝም።

ባለቤትሽን ሳሚልኝ። ባለፈው ደብዳቤሽ ላይ ሰላምታውን ረስተሽዋል።

እትዬሽ


ኅዳር 2

ውድ እትዬ፣

ናፍቆቴ ከሰላምታዬ ቀድሞ ይድረስዎ። ለጋሼ ጉልበት ምሕረት፣ ለእርስዎ ዓይን ዕድሜ ይስጥልኝ።

ደብዳቤዎን ያነበብኩት ሥራ ቦታ ነው። የሆቴሉ ልብስ ማጠቢያ ከመሬት በታች ስለሆነ ሰማይ የምናየው ምሳ ሰዓት ብቻ ነው። "ታስሬያለሁ" የሚለው ጋ ስደርስ የቆሸሸ ፎጣ ክምር ላይ ዘፍ አልኩ። ጓደኛዬ ሮጣ መጣች። አንሶላ ለሁለት ነው የሚታጠፈው፤ ሁልጊዜ ከወዲያኛው ጫፍ የምትይዝልኝ እሷ ናት። ቁመቷ አጭር በመሆኑ አንሶላችን ወደ እሷ ያዘነብላል፤ እኔም ለእርስዎ ስጽፍ "አጭሯ" እላታለሁ፣ ፊት ለፊቷ ግን አልልም።

ድራማውን በስልኬ አገኘሁት። እትዬ፣ እንዴት ያምርብዎታል! ያ ሁሉ ሰው ሲጮህና ሲያለቅስ እርስዎ መርፌዎን ይዘው ቀና ሲሉ ትምህርቴን ትቼ ስጫወት የያዙኝ ቀን እኔን ባዩበት አስተያየት ነው የሚያዩት። ከእናቴ ቤት ወጥቼ እርስዎ ዘንድ ለትምህርት ስኖር፣ ከስፌት መኪናዎ ሥር የወደቀ ቁልፍ ስለቅም ነበር የምውለው። እስከ ዛሬ "ቁልፌ" ብሎ የሚጠራኝ ሌላ ሰው የለም። ለሰው ሳስረዳ የእናቴ የአክስት ልጅ ናቸው እላለሁ፤ ሩቅ ዘመድ ነዋ ሲሉኝ ግን እናደዳለሁ።

አንድ ነገር ብቻ አሳፈረኝ። ሁለተኛው ክፍል ላይ አንሶላ ያጠፉት አስተጣጠፍ። ሰፊ ነዎት እንጂ አጣፊ አይደሉም፤ ይፍቀዱልኝና ላስተምርዎ። ያ ዙሪያውን ላስቲክ ያለው አንሶላ ሲያጋጥምዎ፣ ሁለቱን ማዕዘን እንደ ጓንት እጅዎ ላይ ያጥልቁት። ቀኝዎን አምጥተው ግራዎ ላይ ይገልብጡት፣ አንዱ አንዱን ይዋጠው። የቀሩትንም ሁለት እንዲሁ። ከዚያ ጠፍጣፋ ቦታ ላይ ዘርግተው ሦስት ቦታ ያጥፉት። መጽሐፍ ይመስላል።

መርፌውን ከዚህ ጋር ልኬያለሁ። አድራሻዬ ስለተቀየረ ፖስታው ላይ ያለውን ይጠቀሙ፤ አዲሱ ለሥራ ይቀርበኛል። ሰላምታዎን አደርሳለሁ።

ቁልፌ


ኅዳር 27

ቁልፌ፣

አንቺን የሚጠብቅ አምላክ እንቅልፉንም ምሳውንም ይርሳ፤ ለአንዲት ደቂቃ እንኳ ዓይኑን አይንቀልብሽ።

አንሶላሽ ዝናዬን አበዛው። ካሜራው ፊት እንዳልሽው አጠፍኩና እንደ መጽሐፍ አልጋው ላይ ሳስቀምጠው ዳይሬክተሩ ጺሙን ለቀቀ። አሁን በየክፍሉ አንሶላ ታሳጥፈኛለህ እያልኩ አሾፍበታለሁ። መንገድ ላይ ሴቶች ያቆሙኛል። አንዷ መቼ ነው የሚፈቱት ብላ እጄን ይዛ እንባዋ መጣ። ሌላዋ ደግሞ ምን አጥፍተው እንደገቡ ለኔ ብቻ ይንገሩኝ አለችኝ። ቀሚሷን ዐየሁና ይህን የሰፋውን ሰውዬ ገድዬ ነው አልኳት።

ክፉዋን ጠባቂ ሆና የምትሠራው ልጅ ግን አሳዘነችኝ። ዓለም ላይ እንደሷ ትሑት የለም፤ ቀረጻ ሲቆም ለወገቤ ትራስ የምታመጣልኝ እሷ ናት። አትክልት መሸጫ ሄዳ ሻጩ ለአንቺ ዓይነቷ የበሰበሰውም ይበዛል ብሎ መለሳት። ይዣት ተመልሼ ሄድኩና እስረኛዋ እኔ ነኝ፣ እኔ ይቅር ካልኳት አንተ ምን ቤት ነህ አልኩት። ደንግጦ መርቆ ሰጣት።

ሾፌሩም ሥራ አግኝቷል። በየቀኑ ምሳ ዕቃዬን ይዞ መጋዘኑ በር ላይ ይቆማል። ዘበኛው እስረኛ ለመጠየቅ ነው ይለዋል፣ አዎ ጌታዬ ይላል፣ ምሳ ዕቃው ተከፍቶ ይፈተሻል፣ ዘበኛው አንድ ጉርሻ ይወስዳል። ሁለቱም ይህን ጨዋታ አይሰለቹትም። ጉልበቱ እዚያ ድረስ እንዴት እንደሚያደርሰው አትጠይቂኝ።

አሁን የጭንቀቴን ስሚ። የድራማው ደራሲ ሴትዮ ታሪኩ ሲቀዘቅዝባት አንድ እስረኛ ትፈታለች። የተፈታ ደግሞ ሄደ ማለት ነው፣ አይመለስም። አለባበስ ክፍል ውስጥ ተረኛዋ ማን ናት እየተባለ ይንሾካሾካል። እዚያ አልጋ ላይ ስቀመጥ ሌላ ሰው ነኝ፣ ቁልፌ። በዚህ ዕድሜዬ አንድ የራሴ ነገር አገኘሁ፤ እንዳይነጥቁኝ እፈራለሁ። እንዳልፈታ ጸልዪልኝ። ወደፊት የሚመጣውን ታሪክ ለባልም ለዘመድም፣ በቃልም በጽሑፍም እንዳልናገር አስፈርመውኛል፤ ስለዚህ ብሰማም አልነግርሽም። ዝምታን ለምጃለሁ ማለት ነው።

ግን አንድ ነገር ማንም አልከለከለኝም። በድራማው ውስጥ ግራ ጆሮዬን ስነካ ላንቺ ሰላም ማለቴ ነው። ዳይሬክተሩ የገጸ ባሕሪዋ አመል መስሎታል።

መርፌው ይበቃኛል። አሁን የምፈልገው ፎቶ ነው፤ ሁለታችሁ አብራችሁ የተነሣችሁት።

ባለቤትሽን ሳሚልኝ።

እትዬሽ


ታኅሣሥ 20

ውድ እትዬ፣

ሰላምና ሙቀት ቤትዎን ይሙላው።

ጆሮዎን አየሁ! የሾርባው ጠብ ሲነሣ፣ ሳህን ሲወረወር፣ እርስዎ ዝም ብለው ግራ ጆሮዎን ነካ አደረጉ። ምሳ ሰዓት ላይ ነበርን፤ እኔም ቶሎ ብዬ የራሴን ነካሁ። አጭሯ ጆሮሽን አመመሽ ወይ አለችኝ። እዚህ ክፍል ያሉት ሴቶች ሁሉ ድራማውን አብረውኝ ያያሉ። ቋንቋውን አያውቁትም፤ የሌሎቹን ተዋንያን ንግግር እኔ እተረጉማለሁ፣ ለእርስዎ ግን ተርጓሚ ስለማያስፈልግ ከሁሉ አስበልጠው የሚወዱት እርስዎን ነው።

ፎቶውን ልኬያለሁ። ልብስ ማጠቢያው በር ላይ ነው የቆምኩት። እሱ ያልታየው ፎቶውን ያነሣው እሱ ስለሆነ ነው።

እንዳይፈቱ እጸልያለሁ። እንዲህ ዓይነት ጸሎት ጸልዬ ስለማላውቅ አምላክ ግራ እንዳይገባው ሁለቴ አስረድቼዋለሁ።

ዛሬ ይህን ያህል ነው፤ ሥራ በዝቶብኛል።

ቁልፌ


ጥር 15

ቁልፌ፣

ሰላም ካንቺ አይለይ። ዛሬ እጄ አይጽፍልኝም፣ አጭር ነው።

ልፈታ ነው።

ወረቀቱ ተጽፎ አልቋል፤ አሳይተውኛል። እኔን የጠየቀኝ የለም፣ ቁጭ አድርገው ነገሩኝ እንጂ። ሾፌሩ ሳልነግረው ከፊቴ አንብቦታል። ቅሪ ግን አላለኝም። ሶፋው ላይ ጉልበቱን እያሸ እንግዲህ ምን ይደረጋል አለ፤ ማጽናናቱ ነው።

ከለመዱት ጋር መለያየት እንዲህ የሚከብድ አይመስለኝም ነበር። ከዚህ በላይ አልጽፍልሽም፣ ፈርሜያለሁ።

ፎቶሽ ደርሶኛል። የበሩ መስታወት እንዴት ጥሩ አድርጎ ተወልውሏል።

ባለቤትሽን ሳሚልኝ።

እትዬሽ


ጥር 29

እትዬዬ፣

ብርታቱን ይስጥዎ። በቅድሚያ የምለምነው እሱን ነው።

"ልፈታ ነው" የሚለውን ቃል አንብቤ ወረቀቱን አጠፍኩት፣ ዘረጋሁት፣ እንደገና አጠፍኩት። ከዚህ ሁሉ ዓመት ትዳር በኋላ! እርስዎና ጋሼ! ፈርሜያለሁ ሲሉኝ ደግሞ ለካ ነገሩ አብቅቶለታል። ከማንም ይመጣል ብል ከጋሼ አልጠብቅም ነበር። ያን ሁሉ ዘመን መንገደኛ ሲያጓጉዙ የኖሩ ሰው ከፌርማታ ውጪ ማንንም አውርደው አያውቁም ነበር፤ አሁን እርስዎን መሀል መንገድ ላይ ያወርዳሉ? ያ ሁሉ የምሳ ዕቃ ምን ነበር ታዲያ? ይቅር ይበሉኝና መሪ መያዝ እንጂ ሚስት መያዝ አልቻሉበትም።

ሶፋውን ይተዉላቸው። የስፌት መኪናዋን ግን እንዳይለቁ፤ ቢያስፈልግ እላይዋ ላይ ተቀምጠው ይጠብቋት።

አሁን እኔም ልናገር። እርስዎ በዚህ ላይ ብቻዎን እንዲቆሙ ማድረግ አልችልም።

እኔም ተፈትቻለሁ፣ እትዬ። ባለፈው ክረምት ነው። አድራሻዬ የተቀየረው ለሥራ ስለሚቀርበኝ አይደለም፤ የድሮው ቤት ስለቀረ ነው። ክፉ ሰው ሆኖብኝ አይደለም። እሱ ማታ ይሠራል፣ እኔ ቀን፤ በር ላይ እንተላለፍ ነበር። መጀመሪያ እየተሳሳምን፣ በኋላ እየተነጋገርን፣ በኋላ ማቀዝቀዣው ላይ ወረቀት እየለጠፍን። የመጨረሻዎቹ ወረቀቶች "ወተት አልቋል" ብቻ ነበር የሚሉት። አንድ ቀን ወተቱን የሚገዛም፣ ማለቁን የሚጽፍም ጠፋ። ተቀምጠን ተነጋገርን፣ ተላቀስን፣ ተፈታታን። ፎቶውን ያነሣችኝ አጭሯ ናት።

ያልነገርኩዎ ስላፈርኩ ነው። የሠርግ ልብሴን ልኬ እስኪሆን ሦስቴ አፍርሰው የሰፉት እርስዎ ነዎት። ሳሚልኝ ባሉኝ ቁጥር ነገ እጽፍላቸዋለሁ እላለሁ፣ ነገ ደግሞ ሌላ ነገ ይመጣል።

ስለዚህ ካለፈበት ሰው ይስሙ። የመጀመሪያው ሰሞን ሁለት ብርጭቆ ያወጣሉ፣ አንዱን ይመልሳሉ። አልጋው ይሰፋል። ከዚያ አንድ ጠዋት እየዘፈኑ ፊትዎን ሲታጠቡ ራስዎን ይይዛሉ። ክፍሌ አንድ ናት፤ መስኮቷ ሰፊ፣ መጋረጃዋ ገና ያልተገዛ። መንገደኛ ሁሉ ሻይ ስጠጣ ያየኛል፤ አንዳንዱ ሰላም ይለኛል። ደህና ነኝ፣ እትዬ፣ እውነቴን ነው።

አንድ ነገር ብቻ ቅር ይለኛል። ሰው "ተፈታች" ሲል የታመመች ይመስል ድምፁን ዝቅ ያደርጋል። እስረኛ ሲፈታ ቤቱ ድረስ ሄደው እንኳን ደስ አለህ ይሉታል። እኔን እንኳን ደስ አለሽ ያለኝ የለም።

እርስዎን የምልዎ እኔ ልሁን፦ አይፍሩ። ከከፋዎ እኔ ጋ ይምጡ፤ አንሶላ እናጥፋለን።

ቁልፌ


የካቲት 18

ቁልፌ፣ የኔ ልጅ፣

ዛሬ ምርቃቱ መጨረሻ ላይ ይሁን፤ መጀመሪያ ነገሩን ላቅና።

አልተፈታሁም። ማለቴ ልፈታ ነው፣ ግን ከእስር ቤቱ ነው። ከእማማ ዝምታ እስር ቤት! ታሪኩን እንዳልናገር ስለፈረምኩ በዘወርዋራ ጻፍኩልሽ፤ አንቺ ደግሞ ከሾፌሩ አፋታሽኝ።

እንዴት እንዳነበብነው ልንገርሽ። ፖስታሽ ሲመጣ መነጽሬን ስላላገኘሁ ሾፌሩ አንብቦ ያሰማኝ ጀመር፤ ድምፁን ከፍ አድርጎ፣ የአውቶብስ ጉዞ እንደሚያውጅ። "ብርታቱን ይስጥዎ" ሲል ማን ሞተ አልኩ። "ከፌርማታ ውጪ" የሚለው ጋ ሲደርስ ቆመ። ደግሞ አነበበው። እኔ እንኳን ሰው ዕቃ ከፌርማታ ውጪ አውርጄ አላውቅም አለ፣ ፊቱ ቀልቶ። "ሚስት መያዝ አልቻሉበትም" ላይ ሶፋውን ትቶ ተነሣ። እኔ በሳቅ ሆዴን ይዤ መሬት ተቀምጬ ነበር።

ቀጥሎ "እኔም ተፈትቻለሁ" አለ። ድምፁ ራሱ ነው የወረደው። ወረቀቱን በቀስታ ሰጠኝና መነጽሬን ከራሱ ኪስ አውጥቶ፣ ሻይ ልጣድ ብሎ ወጣ። ሻይ ጥዶ አያውቅም። ቀሪውን ብቻዬን አነበብኩት።

ካዘንኩ ያዘንኩት በመፈታትሽ አይደለም፤ ይህን ሁሉ ጊዜ ብቻሽን መሸከምሽ ነው ያሳዘነኝ። አለቀስኩ፣ ለምን እዋሽሻለሁ። ግን ጥርጣሬው ነበረኝ። የላክሽልኝ ፎቶ ላይ ከጀርባሽ ባለው መስታወት ውስጥ ፎቶ አንሺው ይታያል። ባልሽን በሠርግሽ ቀን ለክቼዋለሁ፤ ቁመቱ እንዲህ አጥሮ፣ ሽርጥ ታጥቆ፣ ሻሽ አስሮ አላውቀውም። መጠየቅ ፈልጌ መስታወቱን አደነቅኩልሽ። አልገባሽም።

የሠርግ ልብስሽ ያሳፍረኛል ማለትሽ ግን አናደደኝ። ልብስ የሚሰፋው ለሚለብሰው ሰው ነው እንጂ ሰውየው ለልብሱ አልተሰፋም። ሰው ሲለወጥ ልብሱ ይፈታል፣ ጨርቁም ሌላ ነገር ይሆናል። የኔ ሥራ ሁልጊዜም ይኼው ነው።

የመስኮትሽን ስፋትና ቁመት በስንዝር ለክተሽ ላኪልኝ። ስንዝርሽን አውቀዋለሁ። መንገደኛ ሰላም ማለቱን ካልጠላሽው ስስ ጨርቅ አደርግልሻለሁ።

የምፈታበት ክፍል ገና አልተቀረጸም። ጽሑፉ ላይ ሁሉም ያለቅሳል፣ እኔ ዝም ብዬ እወጣለሁ፣ አለቀ። ይህን መጻፌም ጥፋት ነው፣ አንብበሽ ስትጨርሺ ወረቀቱን ዋጪው። ስለራሴ አሁንም አዝናለሁ፤ ጠዋት ተነሥቼ ያንን የሳሙና ሽታ ማጣት አልፈልግም። ግን ደብዳቤሽን ካነበብኩ በኋላ ዝም ብሎ መውጣቱ አልዋጥ ብሎኛል። ጆሮዬን ተከታተዪ።

ከልብሽ ጭንቅ ይውጣ፣ ሳቅ ይግባ። በመጨረሻ የሚባለውን ሰላምታ ግን ለጊዜው ይዤዋለሁ፤ ለማን እንደምለው ላስብበት።

እትዬሽ


መጋቢት 20

ውድ እትዬ፣

እንዲህ በሣቅና በእንባ መሀል ለሚጽፍ ሰው ምን ተብሎ ይጀመራል? ደህና ይሁኑልኝ።

መጀመሪያ ጋሼ ይቅር ይበሉኝ። ስለ ፌርማታው የጻፍኩትን ሁሉ አንሥቻለሁ። ይህን ያህል የተሳሳትኩት ቃሉ እኔው ጭንቅላት ውስጥ ቁጭ ብሎ ስለነበር ነው፤ ሌላ ፍች ያለው አልመሰለኝም።

ክፍሉን ዐየሁት። ምሳ ሰዓታችን ነበር፤ ሰባት ሆነን ስልኬን ፎጣ ክምር ላይ አስደግፈን። ጠባቂዋ በሩን ከፍታ "እማማ ዝምታ፣ ተፈትተሻል፣ ዕቃሽን ሰብስቢ" ስትል ክፍሉ ሁሉ ያለቅስ ጀመር። እዚህም አለቀሱ። ዋናዋ ልጅ አንገትዎ ላይ ተጠምጥማ አልለቅም አለች። እርስዎ አንሶላዎን አጠፉ፤ ማዕዘኑን እንደ ጓንት፣ እንዳስተማርኩዎ። ትራሱ ላይ አስቀመጡት። በር ላይ ደርሰው ቆሙ። ዞር ብለው ልጅቷን ዐዩና ጭራሽ ተናገሩ፦

"ምን ያስለቅሳል? ሰው ሲፈታ እንኳን ደስ አለሽ ነው የሚባለው።"

ቀጥለው ግራ ጆሮዎን ነኩ። ልጅቷን አልነበረም የሚያዩት፤ እኔን ነበር።

"እንኳን ደስ አለሽ" አሉ።

እትዬ፣ ወረቀት ላይ ይህን ቃል መጻፍ ይችሉ ነበር። እኔም አንብቤ አለቅስ ነበር። ግን ድምፅዎን ለመስማት ያን ያህል ጊዜ ስጠብቅ መኖሬን ያወቅኩት ያኔ ነው።

ሴቶቹ ተንጫጩ። ዝምተኛዋ ተናገረች፣ ምን አለች፣ ቶሎ ተርጉሚ አሉኝ። ልተረጉም ስል ጠፋብኝ። በእነሱ ቋንቋ ከእስር የወጣ ሰውና ትዳሩን የጨረሰ ሰው ሁለት ቃል ነው፣ አይገናኝም። አንዱን ብል ሌላው ይቀራል። እንግዲያው ሁሉንም ነገርኳቸው፤ በእኛ ቋንቋ አንድ ቃል ነው፣ ደግሞ እኔም ነኝ አልኳቸው። ከአጭሯ በቀር የሚያውቅ አልነበረም። አንዷ ትልቅ ሴትዮ እጇን በሽርጧ ጠርጋ ጨበጠችኝና እንኳን ደስ አለሽ አለች። ከዚያ ተራ ገቡ። ሁሉም ጨበጡኝ። የማሽኑ ደወል እስኪጮህ ድረስ ሥራ ቆሞ ነበር።

አሁን የሚያሳስበኝ የእርስዎ ጉዳይ ነው። እንደተፈቱ ቀሩ? ሌላ ዕድል የለም? መስኮቴ ወርዱ ዘጠኝ ስንዝር፣ ቁመቱ ሰባት ነው። ስሱን ይሁንልኝ።

ቁልፌ


ሚያዝያ 12

ቁልፌ፣

ከነማሽንሽ፣ ከነአንሶላሽ፣ ከነስድስቱ ሴቶችሽ ይጠብቅልኝ። ለእያንዳንዳቸው እጃቸውን ጨብጪልኝ።

አሁን ታይቶ ስላለቀ መናገር እችላለሁ። ያን ቀን አፌን ስከፍት መጋዘኑ ደነገጠ። ለእማማ ዝምታ ማይክ ተመድቦላት አያውቅም፤ ድምፄ የተቀዳው በዋናዋ ልጅ ማይክ ነው፣ ለዚህ ነው ከሩቅ የመጣ የሚመስለው። ልጅቷ ያለቀሰችው እውነቷን ነው፣ ከድንጋጤ። ዳይሬክተሩ ጺሙን ይዞ ደርቆ ቀረ። ደራሲዋ ግን ጦፈች። ጥግ ወስዳኝ ዝምታዋ ነበር እኮ ትርጉሟ፣ ይህን ሁሉ ዘመን አንድ ቃል ሳላወጣት የያዝኳትን እርስዎ በአንድ አፍታ አፈረሷት አለችኝ።

ጥፋቴን አልክድም አልኳት። ግን ይህን ቃል መስማት ያለባት አንዲት ልጅ ነበረችኝ፤ እዚህ ባልላት የት እላታለሁ አልኳት። ያንቺን ነገር አልነገርኳትም፣ ሩቅ አገር ያለች ልጅ ብቻ አልኳት። ብዕሯን አወጣችና እማማ ዝምታ ሌላም የምትናገረው ይኖራት ይሆን አለችኝ። እኔን ነው የጠየቀችው! ሾፌሩ ምሳ ዕቃ ይዞ በር ላይ ቆሞ ኖሮ፣ እመቤቴ ይቺን አንዴ ካስጀመሯት ማስቆሙ የእርስዎ ዕዳ ነው አላት።

ስለዚህ ከሚመጣው ሳምንት ጀምሮ ተመልሻለሁ። እስረኛ ሆኜ አይደለም፣ ጠያቂ ሆኜ። የተፈታችው እማማ ዝምታ ቅርጫቷን ይዛ በየሳምንቱ የቀሩትን ልትጠይቅ ትመጣለች፤ እንደልቧም ታወራለች። ልብሴን ራሴ ነው የሰፋሁት። ሁለት ኪስ አለው፤ አንዱ ውስጥ መሀረብ አድርጌያለሁ።

መጋረጃሽን ከዚህ ጋር ልኬልሻለሁ። ጨርቁን ታውቂው ይሆናል፤ ከሠርግ ልብስሽ ተርፎ ሳጥኔ ውስጥ የተቀመጠው ነው። ስስ ነው፣ ብርሃን አይከለክልም። ካልወደድሽው መልሺልኝ፣ አልቀየምም።

ሾፌሩ አንድ መስመር ካልጻፍኩ ብሎ ብዕሬን ይዟል፤ ይኸው፦

*ልጄ፣ ሚስቴን አልፈታኋትም። ፈታ ብላለች ግን። ከፌርማታ ውጪ ማንንም አላወርድም። ጋሼሽ።*

እኔ ነኝ። የደብዳቤው መጨረሻ ላይ ምን እንደምልሽ ብዙ አሰብኩ። ልማድ ነውና ያለ እሱ እጄ አልዘጋ አለኝ። በመጨረሻ ገባኝ፤ ቃሉን መተው አያስፈልገኝም። ክፍሏ አንድ ብትሆንም ኪራይዋን የምትከፍዪው አንቺ፣ ሻይዋን የምታፈዪው አንቺ፣ መጋረጃዋን የምትገልጪው አንቺ ነሽ። ስለዚህ እንደ ወትሮው መስታወት ፊት ቁሚና የቤቱን ባለቤት ሳሚልኝ።

እትዬሽ